የአንድ ቀን እንግዳ

ብዙ ከኖረ ብዙ ያየ ያውቃል ሲባል እንሰማለን። ነገሩ እውነት ነው፤ ነገር ግን ማየት ማለት ምን እንደ ሆነ ካልተመረመረ ምሳሌው ሰውን ያሳስታል። ዓይን ያለው ሁሉ ይመለከታል፤ የተመለከተ ሁሉ ግን አያስተውልም። ሰባት አገር ዞሮ እንደ ወጣ የሚመለስ ሰው አለ፤ ከጎረቤቱ ደጅ ተቀምጦም ብዙ የሚማር አለ። ስለዚህ፥ ወጣት አንባቢ ሆይ፥ አንድ ጥያቄ ላቀርብልህ እወዳለሁ። ይኸውም፥ ሰው ገንዘብ ከፍሎ ለአንድ ቀን ወደ ሰው አገርና ወደ ሰው ቤት ሲገባ፥ ከከፈለው ዋጋ በላይ ዕዳ ይቀርበታልን ወይስ አይቀርበትም? የሚል ነው።

ጥያቄው በባዶ እንዳይቀር አንድ ሥፍራ እንምረጥ። በሜክሲኮ አገር በምሥራቅ በኩል፥ በካሪቢያን ባሕር ዳር፥ ማሃዋል የምትባል የዓሣ አጥማጆች መንደር ነበረች። በ2001 ዓ.ም. (በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓ አቈጣጠር ናቸው) ከመንደሪቱ አጠገብ ለታላላቅ መዝናኛ መርከቦች የሚሆን ወደብ ተከፈተ፤ ስሙንም ለንግድ እንዲያመች «የማያ ዳርቻ» አሉት። በ2007 ዓ.ም. በነሐሴ ወር ዲን የተባለው ታላቅ ዐውሎ ነፋስ መትቶ ወደቡን ሰባበረው፤ በሚከተለው ዓመት ግን ታድሶ መርከቦቹ ተመለሱ። ዛሬ አንድ መርከብ በአንድ ጧት በሺህ የሚቈጠሩ ሰዎችን ያወርዳል።

እንግዲህ ከእነዚህ መካከል አንዱን መንገደኛ በአሳባችን እንከተለው። ክፉ ሰው አይደለም። ዓመቱን ሙሉ ሠርቶ ባጠራቀመው ገንዘብ ዕረፍት የወጣ፥ ሰላምተኛ፥ ለሚያስተናግዱት ጉርሻ የማይሰስት ሰው ነው። ለአንድ ቀን የገዛው ነገር በወረቀት ተጽፎለታል፤ ጧት በሐይቅ ዳር ዕረፍት፥ ከቀትር በኋላ የማያ መንደርና ባህል፥ ከመምሸቱ በፊት ወደ መርከብ መመለስ። ሰዓቱ የተለካ ነው። የዘገየውን መርከቡ አይጠብቀውም።

አውቶቡሱ ከአንድ ሰዓት በላይ ተጕዞ ባካላር ከሚባለው ሐይቅ ያደርሰዋል። ይህ ሐይቅ ከ40 ኪሎ ሜትር በላይ የሚረዝም፥ ወርዱ ግን ጠባብ የሆነ፥ ጨው የሌለበት ውሃ ነው። ውሃው ከምድር በታች በኖራ ድንጋይ መካከል እየሾለከ ይመጣል። ጥልቀቱ ከቦታ ቦታ ስለሚለያይና ወለሉም ነጭ ስለ ሆነ፥ ፀሐይ ስትበራበት አንዱ ክፍል የነጣ ሰማያዊ፥ ሌላው አረንጓዴ፥ ሌላው ደግሞ ወደ ጥቁር የሚያደላ ሆኖ ይታያል፤ ስለዚህም ባለ ሰባት ቀለም ሐይቅ ይሉታል። መንገደኛው ልብሱን አውልቆ ይገባል፤ ይዋኛል፤ ሲደክመውም ከዳር ብቅ ያለ ድቡልቡል ድንጋይ ያይና ወጥቶ ይቆምበታል።

ነገር ግን የረገጠው ተራ ድንጋይ አይደለም። ስትሮማቶላይት ይባላል። በዓይን የማይታዩ ጥቃቅን ሕያዋን ፍጥረታት ከውሃው ውስጥ ኖራውን እያጠራቀሙ፥ ድርብ በድርብ እያነባበሩ፥ በሺህ በሚቈጠሩ ዓመታት የሠሩት ነው፤ ላዩም ዛሬ ሕይወት አለው። በምድር ላይ ከተገኙት እጅግ ጥንታውያን የሕይወት ምልክቶች መካከል፥ ከ3 ቢሊዮን ዓመት በላይ የሆናቸው የዚሁ ዓይነት ድንጋዮች ይገኙበታል። ብዙ ትውልድ ያየውን ሥራ አንድ ተረከዝ በአንድ ቅጽበት ይሰብረዋል፤ ገላው ላይ የተቀባው የፀሐይ መከላከያ ቅባትም ውሃውን ይበክለዋል። መንገደኛው ይህን ያደረገው በክፋት አይደለም። ሕይወት ያለውን ነገር ሙት መስሎት ነው እንጂ።

ይህን ቃል፥ አንባቢ ሆይ፥ በልብህ ያዘው፤ ሕይወት ያለውን ነገር ሙት መስሎት። ከቀትር በኋላ በመንደሩ የሚደርሰውም ጥፋት ይኸው ራሱ ነውና።

መንገደኛው ስለ ማያ ሕዝብ የሰማው ነገር ቢኖር፥ በጫካ ውስጥ ታላላቅ የድንጋይ ሕንፃዎችን ሠርተው ከዚያ በኋላ የጠፉ ሰዎች ናቸው የሚል ነው። እርግጥ ነው፥ ሕንፃዎቹን ሠርተዋል። ለባዶ ቍጥር ምልክት አውጥተው በሒሳብ ይሠሩበት ነበር። ዓመቱንም በ18 ወር ከፍለው ለእያንዳንዱ ወር 20 ቀን ሰጥተው፥ የተረፉትን 5 ቀኖች ለብቻቸው አቁመዋል፤ እኛ ዓመቱን በ12 ወር ከ30 ቀን ከፍለን የተረፉትን ቀኖች ጳጉሜን እንደምንላቸው ማለት ነው። እንዲህ ርቀው የሚኖሩና የማይተዋወቁ ሁለት ሕዝቦች አንዱን ፀሐይ እያዩ ወደ አንድ አሳብ መድረሳቸው የሚያስደንቅ ነው። መጻሕፍትም ነበሯቸው። በ1562 ዓ.ም. ዲዬጎ ደ ላንዳ የተባለው የእስፓኝ መነኵሴ በማኒ ከተማ መጻሕፍታቸውን ሰብስቦ አቃጠለ። ከዚያ ዘመን በፊት ከተጻፉት ዛሬ በዓለም ላይ የሚታወቁት አራት ብቻ ናቸው።

ነገር ግን መጽሐፍ ሲቃጠል ሕዝብ አብሮ አልጠፋም። በ1847 ዓ.ም. በዩካታን የማያ ሰዎች በገዥዎቻቸው ላይ ተነሥተው ጦርነቱ እስከ 1901 ዓ.ም. ድረስ ዘለቀ። በባካላር ሐይቅ ዳር የሚገኘውን፥ መንገደኛው ዛሬ ፎቶግራፍ የሚያነሣውን የሳን ፌሊፔን ምሽግ በ1858 ዓ.ም. የያዙት እነርሱ ናቸው። ዛሬም በሜክሲኮ፥ በጓቴማላና በቤሊዝ በሚሊዮን የሚቈጠሩ የማያ ሰዎች ይኖራሉ፤ በዩካታን የሚነገረውን የማያ ቋንቋ ብቻ ከ700,000 በላይ ሰዎች ይናገሩታል። እንግዲህ «የጠፉ» የሚለው ቃል ስሕተት ብቻ አይደለም። ሕያው ሰውን በቁሙ መቅበር ነው።

አሁን ወደ መንደሩ እንግባ። አንዲት እናት ከምጣድ አጠገብ ተቀምጣ በቆሎ በድንጋይ ትፈጫለች፤ ሊጡን በእጅዋ ጠፍጥፋ ቂጣ ትጋግራለች። መንገደኛው ፎቶግራፍ ያነሣል፤ ቂጣውን ይቀምሳል፤ «ጣፋጭ ነው» ብሎ ያልፋል። በቆሎውን ከመፍጨትዋ በፊት ለምን በኖራ ውሃ ቀቅላ እንዳሳደረችው ግን አይጠይቅም።

የዚህች የኖራ ውሃ ነገር ታሪክ አላት። በቆሎ ኒያሲን የሚባል ቫይታሚን አለው፤ ነገር ግን በውስጡ ታስሮ ስለሚገኝ በኖራ ካልተዘጋጀ የሰው ሰውነት ብዙውን አያገኘውም። የሜክሲኮና የማያ እናቶች ይህን በሥራ ያውቁት ነበር። የአውሮፓ ሰዎች መጥተው በቆሎውን ወደ አገራቸው ወሰዱ፤ ኖራውን ግን እንደ ተራ የማድ ቤት ልማድ ቈጥረው ተዉት። ከዚህ የተነሣ በቆሎ ብቻ በሚበሉ ድሆች መካከል በእስፓኝና በኢጣልያ፥ ኋላም በአሜሪካ የደቡብ ክፍል ፔላግራ የሚባል በሽታ ተነሣ፤ ቆዳን እየላጠ፥ አእምሮን እያወከ ብዙ ሰው ፈጀ። ፈውሱ ይህ ቫይታሚን መሆኑ በ1937 ዓ.ም. እስኪታወቅ ድረስ ሐኪሞች ብዙ ደከሙ። ተመልከት፥ እህሉን ለመውሰድ እጅ በቂ ነበር፤ ዕውቀቱን ለመውሰድ ግን ዝቅ ብሎ አንዲት ሴት መጠየቅ ያስፈልግ ነበር። ንቀት ሰውን እንዲህ ያስከፍለዋል።

እዚህ ላይ ሁለት ዓይነት ተከራካሪዎች ይነሣሉ። አንዱ፥ «እንዲህ ያለው ጕብኝት ሁሉ ከንቱ ነው፤ ሰው ኑሮውን ለተመልካች እንደ ቴያትር ማሳየቱ ውርደት ነው፤ ባይሄዱ ይሻላል» ይላል። ይህ ሰው ስለ ክብር መናገሩ መልካም ነው፤ ነገር ግን ያችን እናት አልጠየቃትም። ሥራዋን ስታሳይ የሸጠችው ሥራዋን ነው እንጂ ራስዋን አይደለም። የምታሳየውንና ከመጋረጃ በኋላ የምታስቀረውን የምትመርጠው ራስዋ ከሆነች፥ ባገኘችውም ልጅዋን የምታስተምር ከሆነች፥ ውርደቱ የት አለ? ውርደት የሚሆነው ሌላው ሲመርጥላት ነው።

ሁለተኛው ደግሞ፥ «እኔ የተጠየቅሁትን ከፍያለሁ፤ ከዚህ በኋላ ዕዳ የለብኝም» ይላል። ይህ ይበልጥ አደገኛ ነው፥ እውነት ይመስላልና። በመጀመሪያ ነገር፥ እርሱ ከከፈለው ከፊሉ በመርከቡ ኩባንያና በመካከል ባሉት ደላሎች እጅ ይቀራል። ይህም ባይሆን፥ ሁሉም ቢደርሳት፥ ገንዘቡ የገዛው ድካምዋንና ሰዓትዋን ነው። ከእናት ወደ ልጅ ሲተላለፍ የመጣውን ዕውቀት፥ መጻሕፍቱ ሲቃጠሉ በማድ ቤት የተረፈውን ጥበብ፥ የትኛው ገንዘብ ይተምነዋል?

ይህን ስንል ጣታችንን በሩቅ ሰዎች ላይ ብቻ እንዳንቀስር እንጠንቀቅ። በኦሞ ሸለቆ ወደሚኖሩት ሙርሲዎች የሚሄድ ጐብኚ ለአንድ ፎቶግራፍ ይህን ያህል ብር እየተባለ ሲከፍል ኖሯል፤ ከከተማ የሚሄደው ያገራችን ሰውም እንዲሁ ያደርጋል። አንዱ ብር ሲቈጥር፥ ሌላው ሥዕል ሲቈጥር፥ ሁለቱም ስማቸውን ሳይነጋገሩ ይለያያሉ። ያገራችን ሰው የገዛ ወንድሙን እንደ ባዕድ ከተመለከተ፥ ከባሕር ማዶ የመጣውን ለመውቀስ ምን አፍ አለው?

አሁን ወደ ጥያቄያችን መልስ እንድረስ። የዩካታን የማያ ሰዎች ሲያመሰግኑ «ዲዮስ ቦኦቲክ» ይላሉ፤ ትርጕሙም እግዚአብሔር ይክፈልልኝ እንደ ማለት ነው። የእግዚአብሔርን ስም ከእስፓኝ ቋንቋ ወሰዱት፤ መክፈል የሚለው ቃል ግን የራሳቸው ነው። እኛም በበኩላችን «እግዜር ይስጥልኝ» እንላለን። ሁለቱም ቃላት አንድ ነገር ይናዘዛሉ፤ አንተ ያደረግህልኝን እኔ ከፍዬ ልጨርሰው አልችልም ማለት ነው። እንግዲህ ማመስገን ማለት የዕዳን መዝገብ መዝጋት ሳይሆን ክፍት አድርጎ መተው ነው። «ከፍያለሁ» የሚል ሰው ገበያተኛ ነው፤ «እግዜር ይስጥልኝ» የሚል ግን እንግዳ ነው። ልዩነቱ በኪሳቸው ሳይሆን በልባቸው ነው።

ስለዚህ ዕዳ አለበት። የሚከፈለውስ በምንድር ነው? በሦስት ነገር ይመስለኛል። መጀመሪያው አለመጕዳት ነው፤ ምን እንደ ሆነ ያላወቀውን ነገር አይርገጥ፤ ድንጋይም ቢመስል። ሁለተኛው መጠየቅ ነው፤ ከመቶ ፎቶግራፍ አንድ «ለምን?» ይበልጣል። ሦስተኛው በእውነት መመስከር ነው፤ አገሩ ሲመለስ «የጠፉ ሰዎችን ፍርስራሽ አየሁ» አይበል፤ «ሰዎች አገኘሁ፤ ጥቂት አሳዩኝ፤ ከዚያ የሚበልጠውን ሳላይ መጣሁ» ይበል። ይህን ለማድረግ ሀብት አያስፈልግም፤ ረጅም ጊዜም አያስፈልግም። አንድ ቀን ሕዝብን ለማወቅ አይበቃም፤ ሕዝብን ለማክበር ግን ይበቃል።

የማያ ሰው ሲገናኝ ሰላምታው «ቢሽ አ ቤል» ነው። ቃል በቃል ሲተረጐም፥ መንገድህ እንዴት ነው? ማለት ነው። መርከቡ ሊነሣ ጥሩንባው ሲነፋ መንገደኛው ይህን ጥያቄ ለራሱ ቢያቀርብ ይጠቅመዋል። አንተም፥ ወጣት አንባቢ ሆይ፥ ነገ ወደ ሰው ደጅ ስትደርስ፥ ደጁ ከባሕር ማዶ ቢሆን ወይም ከሰፈርህ ማዶ፥ ከመግባትህ በፊት ራስህን ጠይቅ፤ መንገዴ እንዴት ነው?