እንቢ ለማለት እንኳ ያልደፈራችሁ

እናንተ ከሆሳዕና እስከ ሾኔ፣ ከዱራሜ እስከ ሺንሺቾ የትራንስፖርት ፈቃድ ማመልከቻ እያስተኛችሁ ደመወዝ የምትበሉ፤ የምወቅሳችሁ ስለከለከላችሁ አይደለም። መከልከል ሥልጣናችሁ ነው። መስመሩ ሞልቷል፣ ተሽከርካሪው ምርመራ አላለፈም ብሎ ጽፎ መፈረም ይቻላል። እናንተ ግን አትፈቅዱም፣ አትከለክሉምም። «ነገ ብቅ በል»፣ «ኃላፊው ስብሰባ ላይ ናቸው»፣ «ኮሚቴው አልተቀመጠም»፤ በቃ።

ያ በር ላይ የቆመ ሚኒባስ ስንት ጊዜ ነው ደቡብ አፍሪካ ሱቅ የሚጠብቅ ወንድም ነፍሱን አስይዞ በላከው ገንዘብ የሚገዛው? ቤተሰቡ ታርጋ አውጥቷል፣ ቦሎ ለጥፏል፣ ሾፌር ቀጥሯል። የቀረው የእናንተ ፊርማ ነው። መስከረም ላይ ለያሆዴና ለመሳላ በዓላት አዲስ አበባ ያለው ሁሉ ወደ አገሩ ሲጎርፍ መኪናው ካልሠራ መቼ ሊሠራ ነው? ጥቅምት ላይ የምትሰጡት ፈቃድ ለዚያ ዓመት ከክልከላ አይለይም። ባለቤቱ ወይ ያለ ታፔላ ወጥቶ ይቀጣል፣ ወይ በጓሮ በር እጅ መንሻ ይዞ ይመጣል። ከዚያ በኋላ ስለ ሕገ ወጥ ስምሪትና ስለ ሙስና ስትሰብኩ አለማፈራችሁ!

የከፋው ግን ሌላ ነው። የተከለከለ ሰው ደብዳቤውን ይዞ ይከሳል፤ ዝም የተባለ ሰው ምን ይዞ ይሂድ? የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 37 ወደ ዳኛ የመቅረብ መብት ሰጥቶታል፤ ዳኛው «የተቃወምከው ውሳኔ የታለ?» ሲለው ግን የሚያሳየው ወረቀት የለም። ድሮ የሚሮጠውን ሰው «በሕግ አምላክ!» ብሎ ማስቆም ይቻል ነበር፤ አልንቀሳቀስ ያለውን በማን አምላክ ያንቀሳቅሱታል?

የአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183/2012 የፌዴራል ነውና የክልልንና በክልሉ ሥር ያሉ ከተሞችን ጽሕፈት ቤቶች አይገዛም። የሕዝብ እንባ ጠባቂም ምክረ ሐሳብ እንጂ ፍርድ አይሰጥም። ሆኖም ተደብቃችሁ የምትቀሩ አይምሰላችሁ። የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ በአንቀጽ 2126 በጥፋቱ ጉዳት ያደረሰ የመንግሥት ሠራተኛ ካሣ እንዲከፍል ያዝዛል፤ ጥፋቱ የሥራ ከሆነም ተጎጂው መንግሥትን ሊጠይቅ ይችላል። የሆሳዕና ጠበቆች ይህን አንቀጽ ከመደርደሪያ ያውርዱት፤ መኪናው የቆመበትን እያንዳንዱን ቀን አስልተው ይክሰሱ።

የክልላችሁ ምክር ቤትም ከተጠያቂነት አያመልጥም። ፈረንሳዮች በ1900 እ.ኤ.አ. ባወጡት ሕግ አራት ወር ዝም ያለ ባለሥልጣን እንደ ከለከለ ይቆጠር ብለው የፍርድ ቤቱን በር ከፍተዋል፤ በ2013 እ.ኤ.አ. ደግሞ፣ ብዙ ልዩ ሁኔታዎች ቢኖሩትም፣ የሁለት ወር ዝምታ እንደ ፈቃድ ይቆጠር አሉ። እንዲህ ያለ አንድ አንቀጽ መጻፍ በጀት አይጠይቅም።

እስከዚያው እናንተ ማመልከቻ ስትቀበሉ ቀኑን በማኅተም አትሙበት፤ ካልፈቀዳችሁም «ተከልክሏል» ብላችሁ ምክንያቱን ጽፋችሁ፣ ስማችሁን አስፍራችሁ ፈርሙ።