ዕውቀት ይሸጣልን?

ዕውቀት ሲሰጥ የማይጎድል ሀብት ከሆነ ዋጋ ሊቆረጥለት ይገባልን የሚለው ጥያቄ፣ በቆሎ ተማሪ ሥርዓት፣ ማለትም ተማሪው ቁራሽ ለምኖ እያደረ መምህሩ ያለ ክፍያ በሚያስተምርበት የቤተ ክርስቲያን ትምህርት፣ ከጥንት ጀምሮ በተግባር ተመልሷል። በ2013 ዓ.ም. ያረፉት አስፋው የምሩ፣ በ9 ዓመታቸው ብቻቸውን አዲስ አበባ ገብተው ጎዳና ካደሩ በኋላ፣ ገና በ14 ዓመታቸው ችግረኛ ልጆችን ዛፍ ሥር ሰብስበው ፊደል ማስቆጠር ጀመሩ፤ ያ ጥላ በኋላ አሠረ ሐዋርያት፣ የሐዋርያት ፈለግ፣ የተባለው ነጻ ትምህርት ቤት ሆነ፤ ስሙም በነጻ የተቀበሉትን በነጻ መስጠትን ስለሚያስታውስ እጅግ የተገባ ነው። በጌዴኦ ዞን በምትገኘው ባንኮ ጎቲቲም ቡናው የሚያድገው በእንሰትና በትላልቅ ዛፎች ጥላ እንደሆነ ሁሉ፣ የድሃ ልጅም የሚያድገው በሌሎች ጥላ ነውና፣ በዚያ ትምህርት ቤት የሚከፍት ባለሀብት መክፈል ለማይችለው የቡና ለቃሚ ልጅ አስቀድሞ ወንበር ሊያኖር ይገባዋል።