ጥሬ ሸክላ

ባለፈው የዝግጅት ስብሰባችን ላይ አንድ ግጥም ጣልን። ጸሐፊው የአንደኛ ዓመት ተማሪ ነው፤ ግጥሙ ቤት አይመታም፣ ሐሳቡም አንዳንድ ቦታ ተንጠልጥሎ ይቀራል። «ይብሰልና ይምጣ» ብለን በአንድ ድምፅ ወሰንን። ከዚያ ወዲህ ግን እርስ በርሳችን ስንነታረክ ሰነበትን። ለመሆኑ ያልበሰለን ነገር ለሰው ማቅረብ ድፍረት ነው ወይስ ንቀት?

ነገሩን ያባባሰው አንድ የእንግሊዝ ሸክላ ነው። በዝኮክስ የሚባሉ የማንቸስተር ፓንኮች እ.ኤ.አ. በጃንዋሪ 1977 ያወጡት «ስፓይራል ስክራች»፤ አራት ዘፈን ብቻ፣ ከዳር እስከ ዳር አሥር ደቂቃ ገደማ። ዘፋኙ ሃዋርድ ዲቮቶና ጊታሪስቱ ፒት ሼሊ የተገናኙት ቦልተን ከተማ ተማሪዎች ሳሉ ነው፤ እንደኛው ማለት ነው። ሸክላውን ሲቀርጹ ቡድኑ ዓመት አልሞላውም፤ ድራም የሚመታው ጆን ማኸርማ ገና የ16 ዓመት ልጅ ነበር። የለንደን ኩባንያዎችን ደጅ ከመጥናት ይልቅ ከዘመድና ከወዳጅ 500 ፓውንድ ያህል ተበደሩ፤ ዲሴምበር 28 ቀን 1976 ስቱዲዮ ገብተው በአንድ ቀን ጨርሰው ወጡ። አሳታሚውም ራሳቸው ናቸው፤ «ኒው ሆርሞንስ» አሉት። መጀመሪያ 1,000 ቅጂ አሳተሙ፤ አለቀ። ደገሙ፤ እሱም አለቀ። በሱቅም በፖስታም ሲሸጥ ቆይቶ 16,000 ያህል ደረሰ።

ማን ፈቀደላቸው? ማንም። አንዳንዶቻችን በዚህ ብቻ ልባችን ተነካ። እኛም እኮ ይህን መጽሔት በማባዣ መኪና ስናወጣ ማንም ብቁ ናችሁ ብሎ አልመረቀንም።

የገረመን ግን የሸክላው ልባስ ነው። እያንዳንዱ ዘፈን በስንተኛው ሙከራ እንደተቀረጸና በላዩ ምን እንደተጨመረበት ጽፈውበታል። እዚህ ላይ ክርክሩ መልኩን ለወጠ። ሸክላ ሠሪ ያልተተኮሰ ጀበና ገበያ አውጥታ «የተተኮሰ ነው» ብትል ማጭበርበር ነው። «ጥሬ ነው፣ እያየሽ ውሰጂ» ብትልስ? ገዢዋን የናቀቻት አይመስለንም፤ እንዲያውም አክብራ ፍርዱን ለእሷ ተወችላት።

ከመካከላችን አንዱ ግን አልተዋጠለትም። «መናዘዝ ጥሩ ነው፤ ቢሆንም ድምፄ መጥፎ ነው ብዬ ብዘፍንላችሁ ጆሯችሁ መታመሙ ይቀራል?» አለን። እውነቱን ነው። ደግሞስ ጥሬነት ራሱ ፋሽን ሲሆንስ? ሳይማሩ መቅረት እንደ ጀግንነት ሲቆጠርስ? ለዚህ መልስ የሚሆነን ከአራቱ ዘፈኖች አንዱ፣ ስለ መሰልቸት የሚዘፍነው «ቦርደም» ነው። ጊታሩ ተራው ሲደርሰው ሁለት ኖታ ብቻ ይዞ ያንኑ እየመላለሰ ይነዘንዛል። ሲያዳምጡት መጀመሪያ ያስቃል። ቆይቶ ግን መሰልቸት ሌላ ምን ድምፅ ሊኖረው ይችላል ያሰኛል። የማይችል ሰው የሠራው ሳይሆን የሚበቃውን የለየ ሰው የሠራው ነው። ቀረጻውን የመራው ማርቲን ሃኔትም ኋላ በጆይ ዲቪዥን ሥራዎች ስሙ የገነነ ባለሙያ ነው። እንግዲህ ጥሬ ያልነው ሁሉ ጥሬ አልነበረም።

ዲቮቶ ሸክላው ከወጣ ብዙም ሳይቆይ ቡድኑን ትቶ ሄደ፤ የቀሩት በዚያው ዓመት በኦገስት ከትልቅ ኩባንያ ጋር ተፈራረሙ። ከዱ የሚል አለ፤ እኛ ግን እንጀራ መፈለግ ክህደት አይመስለንም። ያ ሸክላ የከፈተውን በር ሌሎች ገብተውበታል። እ.ኤ.አ. በ1978 ስክሪቲ ፖሊቲ የተባለ የለንደን ቡድን ለሸክላው ያወጣውን ወጪ በዝርዝር ልባሱ ላይ አትሞ፣ ስንት እንደሚፈጅ ለሁሉም አሳየ።

ወደ ግጥሙ እንመለስ። «ይብሰል» ስንል ለጸሐፊው አስበን ነበር ወይስ ለመጽሔታችን ስም? ብዙዎቻችን ለስማችን እንደነበር አምነናል፤ ሁለቱ አሁንም አላመኑም። በሚቀጥለው እትም፣ መቼና በስንተኛው ሙከራ እንደጻፈው ከግርጌው አድርገን እናውጣልህ ብለን ልከንበታል። መልሱን ገና እየጠበቅን ነው።