የማያይ አስተማሪ

ዳንስ መማር የሚፈልግ ሰው ከእግሩ በፊት የሚታገለው ከሐፍረቱ ጋር ነው። «ሰው እያየኝ ብሳሳትስ?» የሚለው ሐሳብ ከዋልዝም ከታንጎም እርምጃ ይከብዳል።

በ1922 እ.ኤ.አ. በተካሄደው የመጀመሪያው የዓለም የቦልሩም ዳንስ ውድድር ያሸነፈው እንግሊዛዊ ቪክተር ሲልቨስተር፣ ከ1948 እስከ 1964 በቢቢሲ ቴሌቪዥን ተራውን ሰው ዳንስ ሲያስተምር ኖሯል። ጀማሪ እየቆጠረ እንዲከተለው የሚመራው ኦርኬስትራ ምት አንዴም አይዋዥቅም ነበር። በአሜሪካ ደግሞ የዳንስ አስተማሪው አርተር መሪ አስቀድሞ የእግር ዱካ የተሳለበት ወረቀት በፖስታ ይልክ ነበር፤ ከ1950 ወዲህ ከባለቤቱ ከካትሪን ጋር በቴሌቪዥን ቀረበ። ዓይናፋሩ ተማሪ ሳሎኑን ዘግቶ እንዳሻው ይደናቀፋል፤ አስተማሪው አያየውማ!

የሲልቨስተር ፕሮግራም ባበቃበት በዚያው የአውሮፓ ዓመት፣ ጥቅምት 23 ቀን 1957 ዓ.ም.፣ የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ሥርጭት ጀመረ። እኛ ግን እስክስታን የተማርነው በክብ ውስጥ ነው። ልጅ ገና በእናቱ ጀርባ ታዝሎ ምቱን ይለምዳል። ቆሞ መሄድ ሲጀምር መሃል ያስገቡታል፤ ትከሻው ቢስትም «ጎሽ!» ይሉታል። ሁሉም ያየዋል፣ ማንም አይስቅበትም።

ጥር ሲቃረብ፣ በጫማ ፋብሪካው ስሙ በታወቀው የአስኮ ሰፈር፣ አንድ ግቢ ውስጥ ሠርጋቸው የደረሰ እጮኛሞች ዋልዝ ሲለማመዱ አየሁ። የዳንስ ትምህርት የሚያሳያቸውን ስልክ የለስላሳ ሣጥን ላይ አስደግፈውታል። እሷ ወደ ኋላ ስትል እሱ እግሯን ረገጣት። ሁለቱም ደንግጠው ወደ ስልኩ ዞሩ፤ ስልኩ ትምህርቱን ቀጥሏል። ልብስ ያሰጡ የነበሩት አክስቷ ጠጋ አሉና «በሉ ልጆቼ፣ እሱን ተዉትና እርስ በርስ ተያዩ» አሏቸው። ከዚያም በጭብጨባ ይቆጥሩላቸው ጀመር፤ አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት። ልጁ አንገቱን ቀና አደረገ፤ እግሩም ተፍታታ።

የማያይ አስተማሪ ውለታው ትልቅ ነው፤ ፈሪውን ከወንበሩ ያስነሳዋል። ሐፍረት ጨርሶ የሚለቀን ግን ስንሳሳት እያዩ በማይስቁብን ሰዎች መካከል ስንቆም ነው። ልጆቻችን ከስልክ ቢማሩ ስልኩን አንንጠቃቸው፤ ወደ ክቡ ሲመጡ የምናጨበጭብላቸው እኛ እንሁን።