«ዲኑ ጥሩ ነው፣ ግን…»



ስለ ዘረኝነት ሲነሳ «ሁላችንም የአደም ልጆች ነን» ብለን ቶሎ እናልፈዋለን። ግን ወንድሜ፣ ቋንቋህንና ያደግክበትን ቀዬ መውደድህ ወንጀል ነው? አንዳንዱ «ሙስሊም ብሔር የለውም» ይላል። ነገሩ እንደዚያ ቀላል አይመስለኝም።

በቡኻሪና በሙስሊም የተዘገበ አንድ ክስተት አለ። በአንድ ዘመቻ ላይ ከሙሃጅሮች አንዱ አንድ አንሷሪን መታው። የተመታው አንሷሮችን፣ የመታው ደግሞ ሙሃጅሮችን ለእርዳታ ተጣሩ። ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ) ይህን ሲሰሙ የጃሂሊያ ጥሪ ነው አሉት፤ የገማ ነገር ነውና ተዉት ብለው አዘዙ።

ልብ በሉ! «ሙሃጅር» እና «አንሷር» አላህ ራሱ በቁርኣን (አት-ተውባህ 100) ያወደሳቸው ስሞች ናቸው። ከኛ የብሔር ስሞች ውስጥ እንዲህ የተወደሰ የለም። ታዲያ ምኑ ገማ? ስሙ አይደለም። የገማው አጠራሩ ነው፤ ማን በዳይ፣ ማን ተበዳይ እንደሆነ ሳይጠየቅ «ወገኔ ድረስልኝ!» መባሉ።

ስሙማ አልተሻረም። ቢላል አል-ሐበሺ፣ ሱሀይብ አር-ሩሚ፣ ሰልማን አል-ፋሪሲ (ረ.ዐ) እስከ ዛሬ በየመጡበት አገር ይጠራሉ። እስልምና ቢላልን ሐበሻነትህን ደብቅ አላለውም። በ8ኛው ዓመተ ሂጅራ መካ ስትከፈት ካዕባ ላይ ወጥቶ አዛን ያደረገው ያው ሐበሻው ቢላል ነው። አላህም (አል-ሁጁራት 13) ጎሳና ነገድ ያደረገን እንድንተዋወቅ መሆኑን ነግሮናል። ለመተዋወቅ ደግሞ መጠየቅ ግድ ነው። «የየት አገር ልጅ ነህ?» ማለት በራሱ ነውር የለውም። መልሱን ከሰማህ በኋላ ፊትህ ላይ የሚለወጠውን ግን አንተው ታውቀዋለህ።

ፌስቡክ ላይ ጠብ ሲነሳስ? ኮሜንት ከመጻፍህ በፊት ያየኸው ድርጊቱን ነው ወይስ የሰውዬውን ወገን?

ይህ በሽታ የመጥፎ ሰዎች ብቻ አይደለም። አቡ ዘር (ረ.ዐ) ቀደም ብለው ከሰለሙት ነው። ግን አንድን ሰው በእናቱ ሰደበው፤ ነቢዩም (ሰ.ዐ.ወ) ውስጥህ ጃሂሊያ አለ አሉት። ካፊር ሆንክ አላሉትም፤ ጃሂሊያ በደግ ሰው ውስጥም ቦታ ታገኛለች። ከዚያ በኋላ አቡ ዘር ረበዛ በሚባል ቦታ ሲታይ እሱና አገልጋዩ አንድ ዓይነት ልብስ ለብሰው ነበር። ለምን እንደሆነ ሲጠየቅ የነገረው ይህንኑ ታሪክ ነው። የተማረውን የለበሰ ሰው!

የኛ ፈተና ብዙ ጊዜ ኒካህ ላይ ይወጣል። ሽማግሌ ይላካል፣ ልጁ ሰጋጅ ነው፣ ጠባዩ የተመሰገነ ነው። ከዚያ ሳሎን ውስጥ ያቺ ቃል ትመጣለች፦ «ዲኑ ጥሩ ነው፣ ግን…»። እህትህ ጓዳ ሆና እየሰማች ነው። ከ«ግን» በኋላ የሚመጣው ስለ ጠባዩ ወይም ስለ አቅሙ ከሆነ ቤተሰብ የመመካከር መብት አለው። ስለ አያቶቹ ቋንቋ ብቻ ከሆነ ግን፣ አንተ ወንድሟ ነህና፣ ለአባትህ በአደብ ለመናገር ከአንተ የቀረበ ሰው የለም።