ጎረቤት ሲያንኳኳ ክፈቱ

ልጆቼ፣ ይህን የምጽፈው ተቆጥቼ ነው። ለቅሶ ቤት ድንኳን ውስጥ ካህኑ እያስተማሩ፣ አጠገቤ የተቀመጠው ጎልማሳ ስልኩን ከፍቶ የገዛ ግቢውን በካሜራ ያያል። ሐዘንተኛዋ ፊት ለፊቱ ናት፤ እሱ ባዶ በረንዳ ይጠብቃል።

ሌባ የለም አልልም። አዲስ አበባ ስፖኪዮ በቀን የሚነቀልባት ከተማ ናት። ቆልፉ፣ አጥራችሁን አጥብቁ። አንዴ ቆልፎ፣ አማትቦ መተኛት ግን የት ሄደ? ቫን ደን ሃውትና ኪንት የተባሉ የኔዘርላንድ ተመራማሪዎች እ.ኤ.አ. በ2003 ባሳተሙት ጥናት፣ ሰው መዝጋቱን ደጋግሞ ባረጋገጠ ቁጥር በገዛ ትዝታው ላይ ያለው እምነት እንደሚቀንስ አሳይተዋል። ሌሊት እየተነሣችሁ መቀርቀሪያ የምትነኩ ሁሉ ይህን ስሙ።

ከሁሉ የሚያንገበግበኝ ጎረቤትን በካሜራ አይታችሁ ዝም ማለታችሁ ነው። ቡና ጠጡ ልትል የመጣች እናት ደጃፋችሁ ቆማ ስታንኳኳ፣ ውስጥ ሆናችሁ በስልክ ታዩዋታላችሁ። ጎረቤታችሁ እንደሆነች እያወቃችሁ አትከፍቱም! ኮንዶሚኒየም ሲሠራ ኮሚናል የሚባለው የጋራ ቤት የተጨመረው ለእርዱም ለድግሱም አብራችሁ እንድትውሉ ነበር። እናንተ በበራችሁ ላይ ሌላ የብረት በር ደረባችሁ።

ፍርሃትን እኔም አውቀዋለሁ። በ1969 እና በ1970 በቀይ ሽብር ጊዜ ሌሊት የመኪና ድምፅ ስንሰማ ትንፋሻችንን እንውጥ ነበር። ያኔ ጎረቤትን መጠርጠር ምክንያት ነበረው። እናቴ ግን በሁለቱ ግቢ መካከል ያለችውን የአጥር ሽንቁር አልደፈነችም። ፍም በዚያ ይሻገራል፣ እንጀራ በዚያ ይሻገራል። አንድ ሌሊት አሰሳ ሲመጣ የጎረቤት ልጅ በዚያው ሾልኮ ከእኛ መሀል ተኛ። ፈታሾቹ ሲጠይቁ እናቴ «ልጄ ነው» አለች። እግዜር ነፍሷን ይማር።

እናንተስ ምን አይታችሁ ነው እንዲህ የተዘጋችሁት? ዘበኛችሁ በብርድ ሲያድር ትኩስ ሻይ አትልኩለትም። ልጆቻችሁ ደጅ አይጫወቱም። የእድር መዋጮ በስልክ ትከፍላላችሁ፣ ቀብር አትመጡም። ጎረቤት መጥታ አንኳኩታ ትመለሳለች፤ ነገ ሌባ ሲገባባችሁ ጩኸታችሁን ሰምታ የምትወጣው ግን እሷው ናት። መዝሙረ ዳዊት 126ን በቃል ታውቁታላችሁ፤ ጠባቂው ማን እንደሆነ አልነግራችሁም።

የፊታችን እሁድ ከቅዳሴ መልስ ወደ ጎረቤታችሁ ሂዱ። ስሟን ጠይቁ፣ ስልክ ቁጥራችሁን ስጡ። ቡና ካፈላችም በረካውን ሳትጠጡ አትነሡ።