ሁለት እውነት ጎን ለጎን

መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. ማታ በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን አንድ ፊልም ታየ። የወሎ ረሃብተኛ ይታያል፤ ምስሉ ይቆረጥና ንጉሠ ነገሥቱ ለውሾቻቸው ሥጋ ሲሰጡ ይመጣል፤ እንደገና ይቆረጥና አጥንቱ የወጣ ሕፃን፤ ቀጥሎ የቤተ መንግሥት ድግስ። በማግሥቱ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ከዙፋን ወረዱ።

የረሃቡን ክፍል ያነሱት የእንግሊዙ ጋዜጠኛ ጆናታን ዲምብልቢና ባልደረቦቹ ናቸው። «ያልታወቀው ረሃብ» የተባለው ፊልማቸው በጥቅምት 1966 በአገራቸው ታይቷል። ውሻውንና ድግሱን ከረሃቡ ጋር የሰፋቸው እዚህ አገር የነበረ መቀስ ነው። ስለ ዲምብልቢ ይወራል፤ ስለ ንጉሡም ይወራል፤ መቀሱን የያዘውን ሰው ግን ማንም አያነሳውም።

ታዲያ ያ ሰው ዋሸ ወይ? ዶርም ውስጥ ሌሊቱን የተጨቃጨቅነው በዚህ ነው። ረሃቡ እውነት ነው፤ ሥጋውም እውነት ነው። ግማሾቻችን «ውሸቱ ስፌቱ ላይ ነው፤ ሁለቱ በአንድ ቀን አልሆኑም» አልን። የቀሩት ደግሞ «እንዲያውም እውነቱ ስፌቱ ነው፤ ሁለቱን ለያይቶ ያኖራቸው ቤተ መንግሥቱ ነበር» አሉ። ለኋለኞቹ እናደላለን። በ1965 ዓ.ም. የያኔው ዩኒቨርሲቲ ሰዎች ከወሎ ፎቶግራፍ አምጥተው ግቢው ውስጥ አሳይተው ነበር፤ ያለ ውሻ፣ ያለ ድግስ። መንግሥት ግን መደበቁን አልተወም። ባዶውን ምስል የማይሰማ ጆሮ ሲኖር ቆራጩ ምን ያድርግ?

እዚህ ላይ ክርክሩ ያለቀ መስሎን ነበር። አንዱ ጓደኛችን የጎብዬ ልጅ ነው፤ ከወልዲያ ወደ ቆቦ በሚወስደው መንገድ ላይ ያለችው ጎብዬ። በረፍት አገሩ ሲገባ ፊልሙን በስልኩ ለአያቱ አሳያቸው። ያኔ ልጃገረድ ነበሩ፤ የተራበ ሰው አስፋልቱ ዳር ተደርድሮ መኪና ሲለምን አይተዋል። ዝም ብለው አዩና፣ ውሻውንም ንጉሡንም አልፈው፣ «ልጄ፣ እኛም እኮ ሠርግ ነበረን። ያን ጊዜ ማን መጥቶ አነሳን?» አሉት።

ይኼ አባባል አላስተኛንም። በዚያ ስፌት ድግሱ ሁሉ ለቤተ መንግሥት፣ ረሃቡ ሁሉ ለወሎ ተከፋፈለ። ማሽላው ያፈራበት ዓመት፣ የጥር ሠርግ፣ የራያ ጭፈራ መቀሱ ሥር ወደቀ። ረሃብተኛው በሌላ ሰው ክስ ላይ ማስረጃ ሆኖ ቀረበ እንጂ ባለጉዳይ አልሆነም። ደግሞ ያን ጊዜ የቴሌቪዥኑ ሥርጭት ከአዲስ አበባ ብዙም አይርቅም ነበርና የተነሱት ሰዎች ራሳቸውን አላዩም።

ዚቫ ፖስቴክ የምትባል ኤዲተር በፓሪስ «ሾአ» በተባለው የክሎድ ላንዝማን ፊልም ላይ ስድስት ዓመት ገደማ ተቀምጣለች። ከ200 ሰዓት በላይ የተቀረጸውን ወደ ዘጠኝ ሰዓት ተኩል አውርዳ ፊልሙ በ1985 እንደ ፈረንጆች ወጣ። እሷም የሰዎችን ቃል ቆርጣ ቀጥላለች፤ ከእኛው ቆራጭ የተለየ መቀስ አልያዘችም። ነገር ግን አይሁዶች ስላለቁበት ግፍ በሚናገረው በዚያ ፊልም ውስጥ አንድም የጥንት የሬሳ ምስል የለም። ከሞት የተረፈው ሰው ይቀመጣል፣ ይናገራል፣ ዝም ይላል፤ ዝምታውም አይቆረጥበትም። ስሙ ከነአገሩ ይታወቃል። የእኛን ረሃብተኛ ስም ማን ጠየቀ?

ደርግ ራሱ ከአሥር ዓመት በኋላ መቀሱን በሌላ በኩል ያዘው። መስከረም 1977 የአብዮቱ አሥረኛ ዓመት በድምቀት ሲከበር ረሃቡ ከበዓሉ ምስል ውጭ ነበር። ወዲያው በጥቅምት መሐመድ አሚንና ማይክል ቡርክ ከኮረም የላኩት ፊልም በቢቢሲ ታየ። ኮረም ከቆቦ ሜዳ በስተሰሜን ተራራው ላይ ናት። የ1967ቱን ስልት ለተመለከተ ሰው፣ ያን በዓልና ያን ኮረም ጎን ለጎን መስፋት የአንድ ማታ ሥራ ነበር።

የጎብዬው ጓደኛችን «መቀሱን ለእኔ ቢሰጡኝ፣ ያቺ ሴትዮ መንገዱን አቋርጣ እስክትጨርስ አልቆርጥም ነበር» አለ። «ታዲያ ንጉሡ መስከረም 2 ይወርዱ ነበር?» አለው ሌላው። እሱም አልመለሰ፣ እኛም አልመለስንለት።